ደራሲውን ዘለላችሁት

ውድ አዘጋጅ፣

ባለፈው ሳምንት ስለ ድሮ የአሜሪካ ካውቦይ ፊልሞች ያወጣችሁትን ጽሑፍ ቡናዬን እየጠጣሁ አነበብኩት። ጥሩ ነው። ዳይሬክተሩን ባድ ቤቲከርንና አክተሩን ራንዶልፍ ስኮትን ማንሳታችሁማ በጣም አስደሰተኝ። ግን አንድ ሰው ጎደለብኝ። ዳይሬክተሩ አለ፣ አክተሩ አለ፣ ፈረሱ ሳይቀር አለ። ታሪኩን የጻፈው በርት ኬኔዲ ግን ስሙም አልተነሳ።

ቤቲከርና ስኮት ከ1956 እስከ 1960 (በፈረንጆቹ ነው የምቆጥረው) ሰባት ፊልም አብረው ሠርተዋል። ከሰባቱ አራቱ የኬኔዲ ናቸው፦ «ሰቨን ሜን ፍሮም ናው»፣ «ዘ ቶል ቲ»፣ «ራይድ ሎንሰም» እና «ኮማንቼ ስቴሽን»። ሦስቱን ሌሎች ጻፏቸው። ዳይሬክተሩ ያው፣ አክተሩም ያው። የፊልም ወዳጆች ዛሬም ደጋግመው የሚያነሱት ግን አራቱን ነው። ከሦስቱ አንዱን፣ «ዌስትባውንድ»ን፣ አይቶ ለመጨረስ እኔ ሁለት ማታ ፈጅቶብኛል። ሲያልቅም ምን እንዳየሁ ጠፋኝ።

የመጀመሪያውን የ«ሰቨን ሜን ፍሮም ናው»ን አጀማመር እዩልኝ። ሌሊት ነው፣ ዝናቡ ይወርዳል። ሁለት ሰዎች ዋሻ ውስጥ እሳት አንድደው ቡና ይጠጣሉ። አንድ ሰው ከጨለማው በእግሩ ብቅ ይላል። ቡና ይሰጡታል። ፈረስህስ? ይሉታል። አፓቼዎች (የአገሩ ነባር ሕዝብ ናቸው) መንገድ ላይ እንደያዙት ይነግራቸዋል። ሰረቁህ? ሲሉት፣ የለም፣ በሉት፣ ይላል። ወሬው ቀስ እያለ አንድ ከተማ ውስጥ ወደተፈጸመ ግድያ ይዞራል። ገዳዮቹ ተያዙ ወይ? ብሎ ይጠይቃል አንደኛው። ሁለቱ፣ ይላል እንግዳው። ከዚያ በኋላ የምናየው ውጭ የታሰሩትን ፈረሶች ነው። ተኩሱን በጆሯችን ብቻ እንሰማለን። አንድ ስኒ ቡና ሳያልቅ ሰውየው ማን እንደሆነና ምን እንደሚፈልግ ገባን። ይኼ መጀመሪያ ወረቀት ላይ የተሠራ ሥራ ነው።

ኬኔዲ በ1922 ሚሺጋን ውስጥ ተወለደ። ወላጆቹ መድረክ ላይ እየጨፈሩ የሚያድሩ ሰዎች ነበሩ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በአንደኛው ፈረሰኛ ክፍለ ጦር ዘምቶ ተሸልሟል (ስሙ ፈረሰኛ ይሁን እንጂ ያኔ ፈረሶቹን ትቶ ነበር)። ከዚያ ለሬዲዮ ጻፈ፤ ቀጥሎ የአክተሩ የጆን ዌይን ፊልም ኩባንያ ገባ። ያን የመጀመሪያ ስክሪፕት ዌይን ራሱ ሊሠራበት ነበር፤ ሌላ ፊልም ላይ ስለነበር ለስኮት ደረሰው። የሬዲዮ ሰው መሆኑ ያስታውቃል። ቃል አያባክንም፤ አራቱም ፊልሞች 80 ደቂቃ አይሞሉም።

ከሁሉ የምወድለት ግን ክፉዎቹን ነው። ልጅ ሆነን ሲኒማ ስንገባ ዋናውን ሰው «አክተሩ» ነበር የምንለው። አክተሩ አይሞትም፤ ሌላው ለመሞት የመጣ ነው። ኬኔዲ ጋ እንዲህ አይደለም። «ዘ ቶል ቲ»ን ውሰዱ፤ መነሻው የኤልሞር ሌናርድ አጭር ልብ ወለድ ነው። ሪቻርድ ቡን የሚጫወተው የሽፍቶቹ አለቃ ታጋቹን (ስኮትን) የማይገድለው የሚያወራው ሰው አጥቶ ነው። አብረውት ባሉት ጎረምሶች ተሰላችቷል። መሬት ይዞ ቢቀመጥ ደስ ይለዋል። መጨረሻ ላይ ጀርባውን ሰጥቶ ወደ ፈረሱ ይሄዳል፤ ስኮት ከኋላ እንደማይተኩስበት ያውቃል። ሸሽቶ ማምለጥ ሲችል ዞሮ ይመለሳል። እኔ በየጊዜው እዚህ ቦታ ላይ ስደርስ፣ አትመለስ አንተ ሰውዬ፣ እላለሁ። «ራይድ ሎንሰም» ላይ ደግሞ ምሕረት አግኝቶ እርሻውን ሊያርስ የሚመኘውን ወንበዴ ኬኔዲ አልገደለውም። የተመኘውን ሰጥቶ ሸኘው።

በኋላ ራሱ ዳይሬክተር ሆነ። በ1967 ዌይንን ይዞ «ዘ ዋር ዋገን»ን፣ በ1969 ደግሞ «ሰፖርት ዩር ሎካል ሸሪፍ»ን ሠራ። ያስቃሉ፣ አልክድም። ያ ዋሻ ውስጥ ያለው ዝምታ ግን የለባቸውም። በ1990 የክሊንት ኢስትውድን «ዋይት ሀንተር፣ ብላክ ሃርት» ከጻፉት ሦስት ሰዎች አንዱ እሱ ነበር። «ሰቨን ሜን ፍሮም ናው» ለብዙ ዓመታት እንደልብ የማይገኝ ፊልም ነበር፤ በ2000 በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ የፊልም መዝገብ ቤት ታድሶ እንደገና ለሕዝብ ታየ። ኬኔዲ በዓመቱ፣ በ2001፣ አረፈ።

ጽሑፉ ክፍል ሁለት እንዳለው ነግራችሁናል። እባካችሁ እዚያ ላይ ለዚህ ሰው አንድ አንቀጽ ስጡት። ቦታ ከጠበባችሁ ፈረሱን ቀንሱ።

የዘወትር አንባቢያችሁ
ከአዲስ አበባ