ከእንባው ይልቅ የደመወዝ ወረቀቱ ይቀረጽ

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፤

በሐዋሳና በሌሎች የኢንዱስትሪ ፓርኮች ስላሉ የልብስ ስፌት ሠራተኞች ዘጋቢ ፊልም ለምትሠሩ ሁሉ አንድ አደራ አለን። እንባ ተመልካችን ያሳዝናል፤ ለሥራ ክርክር ግን ማስረጃ አይሆንም። በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 የትርፍ ሰዓት ክፍያ ከመደበኛው የሰዓት ክፍያ ቀን 1.5፣ ከምሽቱ 4 እስከ ንጋቱ 12 ሰዓት 1.75፣ በሳምንት ዕረፍት 2፣ በሕዝብ በዓል 2.5 እጥፍ ነው። ስለዚህ የሦስት ተከታታይ ወር የደመወዝ ወረቀትና ሠራተኛዋ የያዘችው የመግቢያና መውጫ ሰዓት ጎን ለጎን ይቀረጹ፤ የጎደለውን ተመልካቹ ራሱ ያሰላዋል።

ትልቁ ስህተት ፊት ማደብዘዝ ይበቃል ብሎ ማሰብ ነው። ድምፅዋ፣ የባጅ ቁጥሯ፣ የተከራየችው ቤት በር ሳይቀር ለአለቃዋ ይናገራሉ። ቃሏን ሌላ ሴት ታንብበው፤ ይህም በፊልሙ ላይ በግልጽ ይጻፍ። ቃለ ምልልሱ በዕረፍቷ ቀን ከፋብሪካው ርቆ ይሁን። ፈቃድም ሁለት ጊዜ ይጠየቅ፦ ከቀረጻ በፊት፣ እንዲሁም የተቀናበረውን ካየች በኋላ። መጀመሪያ ስትፈርም ፊልሙ ዩቲዩብ ላይ እንደሚወጣ ላታውቅ ትችላለችና፣ «ይቅርብኝ» ካለች የእሷ ክፍል ከፊልሙ ይቆረጥ፤ ፊልሙ ቢያጥርም ይጠር።

የአሠሪው ምላሽ በጽሑፍ ተጠይቆ ይካተት፤ ዝም ካለም የተጠየቀበት ቀን ይገለጽ።

የዘጋቢ ፊልም ባለሙያዎች
ከአዲስ አበባ