ልባሞቹም ተኝተው ነበር

ይድረስ ለማከብርዎ አባቴ፤

እንደምን ሰንብተዋል? ለሙሽሮቹ በሚሰጡት ምክር ውስጥ እንቅልፍን እንዴት ላንሳ ላሉኝ ይኸው።

በዘፍጥረት 2፥21 ይጀምሩ። አዳም ላይ የወደቀው ከባድ እንቅልፍ በዕብራይስጥ «ታርዴማ» ይባላል፤ በ15፥12 አብርሃምን ከቃል ኪዳኑ በፊት የያዘውም ያው ነው። የጥንቱ የግሪክ ትርጉም ሁለቱንም «ኤክስታሲስ» ይላቸዋል፣ ከራስ መውጣት እንደ ማለት። እንግዲህ ሔዋን ስትበጅ አዳም አልመከረም፣ አላገዘም። ከጎኑ መወሰዷን ይዘው የባልን የበላይነት የሚሰብኩ ይህን እንቅልፍ ዘለውት ያልፋሉ፤ እርስዎ አይዝለሉት።

ብዙ ሰው የሚሳሳተው ማቴዎስ 25 ላይ፣ በአሥሩ ደናግል ምሳሌ ነው። አምስቱ ደናግል በመተኛታቸው ከሰርጉ ቀሩ ሲባል ይሰማል። ቁጥር 5ን ያንብቡ፦ ሙሽራው ሲዘገይ ሁሉም ተኙ፣ ልባሞቹም ጭምር። የለያቸው ልባሞቹ ከመተኛታቸው በፊት ለመብራታቸው በማሰሮ የያዙት ዘይት ነው። ጥፋቱ በከፊል የቋንቋችን ይመስለኛል፤ «ሰነፎች» ሲባል ዛሬ ሥራ ጠል እንላለን፣ በመጽሐፉ አማርኛ ግን ሞኝ ማለት ነው። ቁጥር 13 ላይ ያለው «ንቁ»ም ሳትተኙ እደሩ ሳይሆን ተዘጋጅታችሁ ተኙ ይሆናል።

ከዚህ ወደ ኤፌሶን 4፥26 ይሻገሩ፣ በቁጣችሁ ላይ ፀሐይ አይግባ የሚለው። ይህን ይዘው ባልና ሚስትን እኩለ ሌሊት ድረስ የሚያከራክሩ ሽማግሌዎች አሉ። የቃሉ መነሻ መዝሙር 4 ግን ቁጣን በመኝታ ላይ ከልብ ጋር መምከርን ያዛል፣ መጨረሻውም በሰላም መተኛት ነው። ቂሙን መተው ለማታ፣ ጉዳዩን መፍታት ለጠዋት።

ስለ መኝታ መለያየት 1ኛ ቆሮንቶስ 7፥5 ሦስት ነገር ይጠይቃል፦ የሁለቱ ስምምነት፣ የተወሰነ ጊዜ፣ ከዚያም መመለስ። አንዱ በጾም አሳብቦ ቢያኮርፍ የመጀመሪያው ይጎድላል።

ሙስሊም ዘመዶች ስለሚኖሩ ቁርኣንንም ያንሱ። በሱራ (ምዕራፍ) 30፣ አንቀጽ 21 የትዳር ጓደኛን ከአላህ ምልክቶች ይቆጥራል፤ አንቀጽ 23 እንቅልፍን። በ2፥187 ባልና ሚስት አንዱ ለሌላው «ሊባስ» ነው፤ በ78፥10 ሌሊትም «ሊባስ» ተብሏል፣ ልብስ።

ታልሙድ፣ የአይሁድ ሊቃውንት የሕግና የትምህርት መጽሐፍ፣ እንቅልፍ ከሞት 60 እጅ አንዱ ነው ይላል፤ እሱን ለሰርግ ይተዉት። ደግሞ «አንቀላፋ» አይበሉ፣ «ተኛ» ይበሉ፤ እንግዶቹ ለቅሶ ትዝ ይላቸዋል።

አክባሪ ልጅዎ