ሰው የት ይንፋ፣ ማሽኑ የት ይቁም

ይድረስ ለውድ አባቴ፣

ለጤናዎ እንደምን ሰነበቱ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። ባለፈው በስልክ «እነዚያን የድሮ ቅንብሮቼን በስምንት ሰውና በኮምፒውተር የኦርኬስትራ አልበም ማድረግ ይቻላል ወይ?» ብለው ጠይቀውኝ፣ በስልክ የሚያልቅ ነገር ስላልሆነ እጽፍልዎታለሁ ብዬ ነበር። ይኸው ጻፍኩ። ረዘም ይላል፤ መነጽርዎን ያድርጉና በሁለት ቀን ያንብቡት።

ይቻላል። ኦርጋን መጥቶ የትራምፔትና የትሮምቦን ወንበሮችን ያስለቀቀበትን ዘመን ስለማይረሱት ጥርጣሬዎ ይገባኛል። የዛሬው መሣሪያ ግን ከዚያ ኦርጋን ይልቅ የሚቀርበው ለቴፕ ነው። እ.ኤ.አ. በ1963 በእንግሊዝ በርሚንግሃም ሜሎትሮን የሚባል ኪቦርድ ተሠርቶ ነበር፤ በእያንዳንዱ ቁልፍ ሥር በእውነተኛ ሰው የተነፋ ወይም የተገዘገዘ ድምፅ የያዘ የቴፕ ቁራጭ አለ። ቴፑ 8 ሰከንድ ያህል ከሄደ በኋላ ያልቃል፣ ጣት አንስቶ እንደገና መጫን ነው። አሁን በኮምፒውተር የሚገዛው የኦርኬስትራ ድምፅም ሐሳቡ ያው ነው፤ የሰፋው ብዛቱ ነው። ለአንድ ትራምፔት 35 ድምፆች እንውሰድ። እያንዳንዱ ከለስላሳ እስከ ኃይለኛ በ4 ደረጃ፣ እያንዳንዱ ደረጃ ደግሞ 4 ጊዜ ቢቀዳ፣ ለአጭር አነፋፍ ብቻ 560 ቅጂ ይሆናል። 4 ጊዜ የሚቀዳው አንድ ድምፅ ሲደጋገም ያው ቅጂ እየተመላለሰ እንደ መትረየስ እንዳይንጣጣ ነው። ለንደን ሜዳ ቬል ስቱዲዮ የቢቢሲ ሲምፎኒ ኦርኬስትራ፣ ቪየና ደግሞ ሲንክሮን ስቴጅ በሚባለው አዳራሽ የዚያ ከተማ ሙዚቀኞች እንዲህ ሆነው ተቀድተዋል።

ስለዚህ ማሽኑ ውስጥ ያለው ድምፅ ሁሉ የሰው ነው። የጎደለው ከአንዱ ድምፅ ወደ ሌላው የሚሄድበት መንገድ ነው። ከላ ወደ ዶ ሲወጡ ከንፈርዎ መሐል ላይ የሚያደርገውን ነገር ማንም በሙሉ ቆርጦ አልሸጠውም። «ሌጋቶ» የሚሉት አሠራር መሻገሪያዎቹንም ለየብቻ ቀድቶ ለመቀጠል ይሞክራል፤ ቀስ ላለ ዜማ ያስኬዳል፣ ፈጠን ሲል ግን ስፌቱ ይታያል። የምንከተለው ደንብ ከዚህ ይወጣል፦ ዜማው ከድምፅ ወደ ድምፅ ሲሻገር ጆሮ የሚከተለው ከሆነ ሰው ይጫወተው፤ ድምፁ ቆሞ የሚጠብቅበትን ወይም መትቶ የሚያልፍበትን ለማሽኑ እንተወው።

በዚህ ደንብ ስምንቱን ወንበሮች እንዲህ ደልድዬአቸዋለሁ፦ ሁለት ቫዮሊን፣ አንድ ቪዮላ፣ አንድ ቼሎ፣ አንድ ትራምፔት፣ አንድ ትሮምቦን፣ ማሲንቆና ዋሽንት። ከኋላ ያለው የክር ብዛት፣ አራቱ ፈረንሳይ ሆርን፣ ቲምፓኒው፣ በገናን የሚመስለው የፈረንጆቹ ሃርፕና ኮንትራባሱ የማሽን ይሁኑ። የትንፋሽ ሰው ለመፈለግ ብዙ አይቸገሩም፤ እ.ኤ.አ. በ1924 «አርባ ልጆች» የተባሉት የአርመን ወጣት ነፊዎች ከኢየሩሳሌም ከመጡ ወዲህ በአገራችን የነሐስ ነፊ ዘር አልጠፋም። ቪዮላ ተጫዋች ካላገኙ ግን ሦስተኛ ቫዮሊን አድርገው ዝቅተኛውን ክፍል ለቼሎው ይስጡት፤ በግድ ማሽን አያስገቡበት። ከበሮው ምት ስለሆነ በደንቡ ለማሽን ይደርሰው ነበር። ይሁን እንጂ የእስክስታ ምት የሚሰበርበት መንገድ ራሱ መሻገሪያ ስለሆነ፣ ከስምንቱ አንዱ በሌላ ቀን መጥቶ ይምታው። መዝሙር መሰል ኅብረ ድምፅ ካሰቡ ደግሞ የሚሸጡት የኳየር ድምፆች «ኣ» እና «ኦ» ይላሉ፣ ጥቂት የላቲን ቃላትም ይሞክራሉ፤ ጠ፣ ጨ፣ ቀ ግን የላቸውም። የአማርኛ ግጥም ካለበት አራት ሰው ይዘምር፣ ማሽኑ ከሥር «ኣ» ይበል።

አሁን ወደ ወረቀቱ እንምጣ። እዚህ ላይ ከብዙ ወጣት አቀናባሪዎች እርስዎ ይሻላሉ፣ ምክንያቱም ቅንብሩ አስቀድሞ በኖታ ተጽፏል። ኪቦርድ ላይ ተጫውቶ ኮምፒውተሩ ኖታ እንዲያወጣ መተው አብዛኛው መከራ የሚጀምርበት ነው፤ ጣት በጥቂቱ ስለሚዘገይ ወረቀቱ ትርጉም በሌላቸው ዕረፍቶችና ማያያዣዎች ይሞላል፣ ሙዚቀኛው ያንን ለማንበብ ሲታገል የቀረጻው ሰዓት ያልቃል። እኛ ከወረቀት ወደ ማሽን እንሄዳለን። የትራምፔቱ ክፍል በሲ ቤሞል (በግማሽ ድምፅ ዝቅ ባለው ሲ) ተጻፈ ወይስ በሚሰማው ድምፅ የሚለውን ግን በየገጹ ራስ ላይ ይጻፉልኝ፤ ኮምፒውተር የሚያውቀው የሚሰማውን ብቻ ስለሆነ፣ ከተሳሳትኩ ሁሉም አንድ ሙሉ ድምፅ ይዛነፋል። በሆርኑ ላይ ስህተቱ አምስተኛ ያህል ነው፣ እሱስ ወዲያው ይጋለጣል። ባሮቹን (የኖታውን የምት ክፍሎች) ሁሉ ቁጥር ይስጧቸው። የትንፋሽ ምልክትም አይርሱ፣ ለሆርኖቹም ቢሆን። ማሽን ሳይተነፍስ 40 ባር ይነፋል፤ ሰሚው ምክንያቱን ባያውቅም ደረቱ ይጨነቃል። ትንፋሽ በተጻፈበት ቦታ እኔ ከሆርኖቹ ላይ የስምንተኛ ኖታ ያህል እቆርጣለሁ።

ከወረቀቱ ተነስቼ ሁሉንም ክፍል፣ የሰዎቹን ጭምር፣ በማሽን አዘጋጅቼ እልክልዎታለሁ። ይህ ረቂቅ ነው፤ ለማመን አይቸኩሉ። በማሽን ዝቅተኛ የዋሽንት ድምፅ ከአራት ሆርን በላይ ሊሰማ ይችላል፣ በአዳራሽ ግን አይሰማም። ረቂቁ ላይ ክሮቹ እንደ ኦርጋን ከመሰሉብዎት ምክንያቱ ብዙ ጊዜ አንድ ነው፦ ድምፁን የሚያጎላውና የሚያለዝበው መስመር ከ0 እስከ 127 ባለው ልክ አንድ ቦታ ላይ ቆሟል ማለት ነው። ለአራት ባር የሚቆይ ድምፅ ከ45 ተነስቶ 80 ደርሶ 55 ላይ ቢወርድ ደጋን የሚስብ እጅ ይመስላል። ሌላው ችግር መዘግየት ነው። የሌጋቶ ቅጂዎች ቁልፍ ከተጫነ በኋላ ከሰከንድ አንድ አሥረኛ እስከ ሩብ ያህል ቆይተው ነው ወደ ድምፁ የሚደርሱት፣ አጫጭሮቹ ግን ይቀድማሉ። ስለዚህ እያንዳንዱን መስመር በራሱ ልክ ወደፊት እስባለሁ። ይህ ሳይደረግ ሙዚቀኞቹ ጆሮ ማዳመጫ ላይ ሲሰሙት ከሚዘገየው ማሽን ጋር አብረው ይዘገያሉ፣ ጥፋቱም የእነሱ ይመስላል።

ስለ ቅኝት በደንብ ልጻፍ፣ ብዙ አልበም የሚበላሸው እዚህ ስለሆነ። ማሽኑ የሚመጣው በፒያኖ ልክ ተቃኝቶ ነው፦ እያንዳንዱ ግማሽ ድምፅ እኩል 100 ሴንት፣ ላ ደግሞ 440 ኸርዝ። ማሲንቆና ዋሽንት ለዚህ ክፍፍል አልማሉም። አምባሰልን ከዶ ብንጀምር በወረቀት ዶ፣ ሬ ቤሞል፣ ፋ፣ ሶል፣ ላ ቤሞል ብለን እንጽፋለን፤ ያቺ ሬ ቤሞል ማሲንቆ ላይ የት እንደምትቆም የሚያውቀው ግን የተጫዋቹ ጣት ነው። ፒያኖ መሰሉ ክር ከሥሯ ሲቆም ማሲንቆው የሳተ ይመስላል፣ የሳተው ግን ማሽኑ ነው። መፍትሔው ቀላል ነው። ከቀረጻው በፊት ማሲንቆ ተጫዋቹ አምስቱን ድምፆች እያንዳንዳቸውን 10 ሰከንድ ይያዛቸው፤ በመቃኛ ለክተን ልዩነቱን በሴንት እንጻፍ፣ እኔም የማሽኑን አምስት ድምፆች በዚያው ልክ አንቀሳቅሳቸዋለሁ። ቫዮሊኖቹን መለካት አያስፈልግም፤ ማሲንቆውን ጆሯቸው ላይ ከፍ አድርገን ካሰማናቸው ጣታቸው ራሱ ይሄዳል። ዋሽንቱ ሙቀት ይፈልጋል፦ አየሩ በአንድ ዲግሪ ሴንቲግሬድ በሞቀ ቁጥር የትንፋሽ መሣሪያ ወደ 3 ሴንት ይወጣል። የአዲስ አበባ ጠዋትና ቀትር ስንት ዲግሪ እንደሚለያይ ያውቁታል። ተጫዋቹ የተለያየ ርዝመት ያላቸውን ዋሽንቶቹን ሁሉ ይዞ ይምጣ፣ ከእያንዳንዱ ቀረጻ በፊትም ሁለት ደቂቃ ይንፋበት።

ትዝታው የሚከፈትበትን ያለ ምት የሚሄደውን ክፍል ማሲንቆው ብቻውን፣ ያለ ክሊክ (ማዳመጫ ላይ ምት ከሚቆጥረው ድምፅ ውጭ)፣ ከሁሉም በፊት ይቅዳ። ከዚያ እኔ የእሱን አካሄድ ተከትዬ የፍጥነት ካርታ እሠራለታለሁ፣ ማሽኑም ሌሎቹም እሱን ይከተላሉ። ክሊክ ላይ አስሮ ማስገዝገዝ ትዝታን ሰልፍ ማድረግ ነው። ከዚያ በኋላ ያለው ሁሉ በክሊክ ይቀዳል፣ ሁለት ባር ቀድሞ እየቆጠረ። ማዳመጫው ጆሮን የሚደፍንና ድምፅ የማያስወጣ ይሁን። ክሊኩም በለስላሳ ቦታ ዝቅ ይበል፣ በመጨረሻው ባር ደግሞ ጭራሽ ይጥፋ፤ አለበለዚያ የቼሎው ድምፅ እየሟሸሸ ሲሄድ ከሥሩ ጢክ ጢክ ይሰማል፣ ይህን ደግሞ የሚያጸዳ የለም።

ቀጥሎ ጥቂቱን ማብዛት ነው። ሁለቱ ቫዮሊኖች አንድን ክፍል 3 ጊዜ ቢቀዱት ስድስት ቫዮሊን አይሆንም፤ የአንድ እንጨት ድምፅ በራሱ ላይ ተደራርቦ የታነቀ ይመስላል። ማይኩ ከቦታው ሳይነሳ ተጫዋቾቹ በየዙሩ አንድ ሜትር ተኩል ያህል ይዛወሩ፣ በሁለተኛው ዙር ቫዮሊን ይለዋወጡ። ከዚህ ሥር የማሽኑን የክር ብዛት አነጥፋለሁ። ስደባልቅ የማሽኑን የላይኛውን ጥራት ትንሽ እቀንሳለሁ፤ የደጋኑ ጭራ ክሩን ሲይዝ የሚሰማው ሻካራነት ከሰዎቹ ብቻ እንዲመጣ ነው። ጆሮ በዚያ ሻካራነት ተታሎ የሚሰማውን ብዛት ሁሉ ሰው ነው ብሎ ይቀበላል።

ክፍሉ ሌላ ጣጣ አለው። የማሽኑ ድምፆች የተቀዱት በትልቅ አዳራሽ፣ በአብዛኛው ሦስት ማይክ በኮንዳክተሩ ራስ በላይ፣ ከወለሉ 3 ሜትር ገደማ ከፍ ብሎ ተሰቅሎ ነው፤ ዴካ የሚባለው የሸክላ ኩባንያ ባለሙያዎች ለንደን ውስጥ የጀመሩት አሠራር ነው። የእኛ ስቱዲዮ ለድምፃዊ የተሠራ ጠባብና ደረቅ ክፍል ነው የሚሆነው። ሁለቱን ዝም ብሎ መቀላቀል ከፊትዎ የተቀመጠ ቫዮሊንና ከሸለቆ ማዶ ያለ ኦርኬስትራ ይሰጣል። ማይኩን ከቫዮሊኑ በላይ ከአንድ እስከ አንድ ተኩል ሜትር እናርቀው፣ ለትራምፔቱ ደግሞ ከአንድ ሜትር በላይ ይራቅ፣ የትራምፔቱንም ሰፊ አፍ ቀጥታ አይመልከት። ድምፅ 10 ሜትር ለመሄድ 29 ሚሊሰከንድ ይፈጅበታል፤ ሰዎቹን ወደ አዳራሹ ለማስገባት ጥቂት አዘግይቼ በዚያው አዳራሽ ማሚቶ ውስጥ አሳልፋቸዋለሁ።

ለስቱዲዮው የሚነግሩት ይህን ነው፦ ሁሉም ቀረጻ በ48 ኪሎኸርዝ፣ በ24 ቢት ይሁን፣ ፋይሎቹም ሁሉ ከአንድ መነሻ ይጀምሩ። በ48 የተቀዳውን በ44.1 ቢከፍቱት ትራምፔትዎ ይዘገያል፣ አንድ ግማሽ ድምፅ ተኩል ያህልም ይወርዳል። ስምንት ማይክ፣ አራት ደቂቃ ሙዚቃ፣ አሥር ሙከራ ቢባል ወደ 2.8 ጊጋባይት ነው፤ በዚያው ማታ በሁለት ዲስክ ይገልበጥ። ዩፒኤስ (መብራት ሲጠፋ የሚይዝ ባትሪ) ከሌላቸው ሌላ ስቱዲዮ ይፈልጉ። ጄኔሬተር ላይ መቅዳትም ይቅር፣ እምምታው ቼሎው ሥር ይገባል። ጣሪያው ቆርቆሮ ከሆነ ደግሞ ሐምሌና ነሐሴን እንተዋቸው፣ ወይ ጠዋት ከ3 እስከ 6 ሰዓት ብቻ እንቅዳ።

ለንደን ውስጥ በሦስት ሰዓት ቀረጻ ቢበዛ 20 ደቂቃ ሙዚቃ ነው የሚፈቀደው፣ አሜሪካ 15። ለእኛ 10 ይብቃን። ከፍ ያሉት የትራምፔት ቦታዎች መጀመሪያ ሰዓት ላይ ይሁኑ፤ ከንፈር እንደሚያልቅ ለእርስዎ አልነግርም።

መጨረሻ ላይ ማስተሪንግ (ያለቀውን አልበም የመጨረሻ የድምፅ ማስተካከያ) የሚሠራው ሰው ድምፁን ሊያስጮኸው ይፈልጋል፤ እምቢ ይበሉት። ኢንተርኔት ላይ ያሉት አብዛኞቹ ማጫወቻዎች ሁሉንም ወደ ተመሳሳይ ልክ ስለሚያወርዱት ጩኸቱ ምንም አይጨምርልንም፣ የለስላሳውንና የኃይለኛውን ልዩነት ብቻ ይበላል። ከሥር ደግሞ ኮንትራባሱ እስከ 41 ኸርዝ ይወርዳል፣ ከበሮውም እዚያው አካባቢ ነው። በየባሩ ከሁለቱ አንዱ ብቻ ጎልቶ ይሰማ። ይህን ሚኒባስ ውስጥ አስከፍተው ይሞክሩት፣ የተጋጨ ካለ እዚያ ያገኙታል።

አሁን ከእርስዎ የምፈልገው የትዝታውንና የአምባሰሉን ወረቀት ነው። በቀን ብርሃን፣ ያለ ፍላሽ፣ ገጹን ጠፍጣፋ ጠረጴዛ ላይ ዘርግተው ከላይ ፎቶ አንስተው በቴሌግራም እንደ ፋይል ይላኩልኝ፤ እንደ ፎቶ ከላኩት ይጨመቅና በእርሳስ የጻፏቸው ቤሞሎች ይጠፋሉ። በሁለተኛው ገጽ ላይ በቀይ የሰረዟቸውን አራት ባሮችም አብረው ይላኩ፣ ሆርኖቹ ሊያስፈልጓቸው ይችላሉ።

እማማን ሳሙልኝ።

ልጅዎ