ስለ ታካሺ ሺሙራም ጻፉልን እንጂ

ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣ ሰላም ለናንተ ይሁን።

ስለ ጃፓን ፊልም ያወጣችሁትን ጽሁፍ ወድጄዋለሁ፣ ግን እንደተለመደው ዳይሬክተሩ አኪራ ኩሮሳዋና ተዋናዩ ቶሺሮ ሚፉኔ ብቻ፣ ተዋናዩ ታካሺ ሺሙራ ስሙ እንኳ አልተነሳም፣ በጣም ነው ቅር ያለኝ። ኩሮሳዋ ከሰራቸው 30 ፊልሞች እኮ ሺሙራ 21ዱ ላይ አለ፣ ሚፉኔ ራሱ 16 ላይ ነው ያለው።

ሺሙራ በ1905 እ.ኤ.አ. ነው የተወለደው፣ ዘሩ ከሳሙራይ ነው፣ ኦሳካ ከተማ ውሃ መስሪያ ቤት እየሰራ ማታ ማታ ይማር ነበር፣ ከዛ ቲያትር ልቡን ወሰደውና ስራም ቀረ። በ1952 «ኢኪሩ» ላይ የማዘጋጃ ቤት ሹም ሆኖ ሲሰራ ያ የቢሮ ኑሮ ነው እኔ የሚታየኝ፣ ወረቀት ላይ ማህተም ሲመታ ትከሻው እንዴት እንደሚጎብጥ እዩልኝ። የጨጓራ ካንሰር እንዳለበት ካወቀ በኋላ ብዙም አያወራም፣ ድምጹ ከጉሮሮው አይወጣም፣ አይኑ ነው ሁሉን የሚናገረው። መሪ ተዋናይ የሆነበት ፊልም ነው፣ ከዛ በላይ የተሰራ ትወና እኔ አላየሁም።

በ1954 ደሞ በአንድ አመት ውስጥ «ሰባቱ ሳሙራይ» ላይ መሪያቸው ካምቤይ፣ «ጎድዚላ» ላይ ደግሞ አውሬው ከሚገደል ይጠና የሚለው ፕሮፌሰር። «ሰባቱ ሳሙራይ» ላይ ሚፉኔ እየዘለለ እየጮኸ ሲያስቀን አጠገቡ የተላጨ ጭንቅላቱን እያሻሸ ዝም ብሎ የሚያየው ሺሙራ ነው፣ የሱ እርጋታ ባይኖር የሚፉኔ እብደት ምን ላይ ያርፍ ነበር?

ይሄን ሁሉ ሰርቶ በ1961 «ዮጂምቦ» ላይ የሳኬ (የጃፓን የሩዝ መጠጥ) ጠማቂ ሆኖ ትንሽ ቦታ ይዟል፣ ትንሽዋንም ከልቡ ነው የሰራት። በ1980 «ካጌሙሻ» ላይ 75 አመቱ ሆኖ ኩሮሳዋ እንደገና አሰራው፣ ግን ወደ ውጭ የተላከው ኮፒ ሲያጥር የሱ ሲን ተቆርጦ ወጣ! ብዙ የውጭ ተመልካች የሁለቱን የመጨረሻ ስራ ሳያይ ቀረ ማለት ነው። ሺሙራ በ1982 አረፈ።

ስለዚህ እባካችሁ አንድ ገጽ ለሱ ስጡት፣ ከሱ ጋር ሌሎቹን የኩሮሳዋ ተዋናዮች፣ እነ ሴይጂ ሚያጉቺን፣ እነ ካማታሪ ፉጂዋራን አንሱልን። «ካጌሙሻ»ን ማየት ለሚፈልግም የ162 ደቂቃውን ትቶ የ180 ደቂቃውን እንዲፈልግ ንገሩልን፣ ሺሙራ ያለው እዛ ላይ ነው።

አክባሪ አንባቢያችሁ